የግልቢያው ምት

ፖስተሩን የለጠፈው ሉቃስ ራሱ ነው፤ በገዛ ሱቁ በር ላይ፣ በገዛ እጁ። እንጅባራ ውስጥ ለሠርግም ለስብሰባም ሞንታርቦና ማይክሮፎን የሚያከራየው እሱ ስለሆነ፣ የፈረሰኞቹ በዓል አዘጋጆች ሥራውንም ፖስተሩንም አሸክመውት ሄዱ። ፖስተሩ ላይ ከአዲስ አበባ የሚመጣው የጃዝ ፊውዥን ባንድ ተደርድሯል። መሃል ላይ፣ ከድራሙ ኋላ፣ ጥርሱን ብልጭ አድርጎ የተቀመጠው ክብረት ነው። ሉቃስ ጥግ ጥጉን በፕላስተር ሲያጣብቅ አንዱን ፕላስተር የክብረት ግንባር ላይ ሊለጥፈው ምንም አልቀረው።

ያ ወንበር የእሱ ነበር። እንጅባራ ቸርች ውስጥ ለመዘምራን ድራም ሲመታ ያደገ ልጅ አዲስ አበባ ገብቶ፣ በየሆቴሉ ሲመታ ከርሞ፣ ይህንኑ ባንድ ከመሠረቱት አንዱ ሆነ። ባንዱን ያስጠራው ዜማም የተሠራው በእሱ ምት ላይ ነው። ምቱን ያገኘው ደግሞ ከፈረስ ጀርባ ነው። ልጅ ሳለ አጎቱ አያ አስማረ ዳማ ፈረሳቸው ላይ ከፊታቸው አስቀምጠውት ጥርባ ወደምትባለው መንደር ሽምጥ ሲጋልቡ የሰኮናው ድምፅ ሆዱ ውስጥ ገብቶ ቀረ። ሲያድግ ሰኮናውን ወደ ቤዝ ድራሙ፣ የልጓሙን ቅጭልጭልታ ወደ ሲምባሉ አዛወረው። የአዲስ አበባ ሰው ጉድ አለ።

ከዚያ አባቱ ታመሙ። ሉቃስ እንጅባራ ተመልሶ እስኪያስታምም ባንዱ እንዳይቸገር ብሎ ተማሪውን ላከላቸው፤ ዳንግላ ቸርች ያገኘውን፣ የድራም ስቲክ አያያዝ እንኳ ከዜሮ ያስተማረውን ክብረትን። «ለሁለት ሳምንት ተካኝ» አለው። ክብረትም ተካው። ይኸው እስከ ዛሬ እየተካው ነው። የአባቱ ሕመም ረዘመ፣ ሞቱ፣ እናቱ ብቻቸውን ቀሩ። ሉቃስ ነገሩን ሁሉ ጨርሶ ወደ ባንዱ መሪ ሲደውል ሰውየው ጉሮሮውን ጠረገና፣ «ሉቄ፣ ልጁ ገጥሞልናል እኮ። አውሮፓ ልንሄድ ነው» አለው።

ይህም ይሁን። ባለፈው ዓመት ግን ክብረት በሬዲዮ ቀረበ። ጋዜጠኛዋ፣ «የክብረት ምት የሚባለው ከየት መጣ?» ብትለው፣ «ከአገራችን ፈረሶች» ብሎ መለሰ። ከፈረሶች! ሉቃስ ሬዲዮኑን ጠርቅሞ ዘጋው። ከዚያን ቀን ጀምሮ አንዲት ቃል ይዞ ይዞራል፤ «ያ ምት የእኔ ነው።» ጢሙን ሲላጭ ይላታል፤ የተቃጠለ ሞንታርቦ ሲፈታ ይላታል። ሰው ፊት ግን ከአፉ ወጥታ አታውቅም። ማን ጠየቀውና!

ክብረት የመጣው ከበዓሉ በፊት ባለው ቀን ነው። ከባጃጅ ወርዶ ቀጥታ ወደ ሱቁ ገባና ጎንበስ ብሎ የሉቃስን ጉልበት ሊስም እጁን ዘረጋ። ሉቃስ ጉልበቱን አሸሸ።

«ጋሼ፣ እንደምን ሰነበቱ?»

«ደህና።»

«አያ አስማረ ዘንድ ልሄድ ነው። ነገ ሽማግሌዎቹ ሲመርቁ ምን ዓይነት ምት ነው የሚሆን ብየ ልጠይቃቸው። አብረን እንሂድ?»

«አጎቴ ናቸው እኮ። እኔ የማውቀውን ልጠይቅ ልሂድ?» አለ ሉቃስ ገመድ እየጠቀለለ። «ሥራ ላይ ነኝ።»

ክብረት እጅ ነሥቶ ወጣ። ምሳ ይዛ የመጣችው የሉቃስ ሚስት ሚልካ በሩ ላይ ሆና ሁሉንም ሰምታለች።

«ልጁን አረፍ በል እንኳ አላልኸውም» አለችው። «ቀንተህ ነው?»

«ማን ነው የሚቀና?»

«እኔ ነኛ! ፊትህን ያጠቆርኸው ግን አንተ ነህ።»

ሉቃስ ምሳውን ሳይቀምሰው ዋለ።

በማግስቱ ሜዳው በፈረስ ሞላ። ፈረሰኛው ሁሉ ፈረሱን በቀይና በቢጫ ፈትል አስጊጦ፣ አለንጋውን ይዞ፣ ከአዘናም ከጫግኒም መንገድ እየጎረፈ ገብቶ ተሰለፈ። ከፊት መሥመር ላይ አያ አስማረ አሉ። ዕድሜያቸው ሰባን አልፏል፤ ፈረሳቸው የዚያ የድሮው ዳማ የልጅ ልጅ ነው፤ ኮርቻው ላይ ሲቀመጡ ግን የትናንት ጎረምሳ ይመስላሉ።

የበዓሉን ሥርዓት እዚያ ያደገ ሁሉ ያውቀዋል። ሦስት ሽማግሌዎች ተራ በተራ ይመርቃሉ። የሦስተኛው «አሜን» ሳይባል ፈረስ ከሰልፍ አይወጣም። ሰልፉ ከፈረሰ ምርቃቱ ፈረሰ ማለት ነው፤ ያጠፋው ሰው ሽማግሌ ፊት ቆሞ «እኔ ነኝ» ሳይል በዓሉ አይቀጥልም።

የመጀመሪያው ሽማግሌ በአገውኛ መመረቅ ሲጀምሩ ክብረት ቀስ ብሎ ገባ። ሉቃስ ከመድረኩ ሥር የድምፅ ማስተካከያው ሚክሰር ላይ ነበር፤ ገና ከመነሻው አወቀው። ምቱ ያው የእሱ ምት ነው። ክብረት ግን ግልቢያውን ከውስጡ አውጥቶ እርምጃ አድርጎታል፤ ልጓሙ ላልቶለት፣ ውኃ ጠጥቶ ወደ ቤቱ የሚሄድ ፈረስ። የተሰለፉት ፈረሶች ጆሯቸውን ወደ መድረኩ መለስ አድርገው ጸጥ አሉ። ሕዝቡም ጸጥ አለ። የሽማግሌው ቃል በምቱ ላይ ተደላድሎ ይሄዳል፤ «ዝናሙ በጊዜው ይምጣ፣ ከብቱ ይርባ፣ የተጣላ ይታረቅ።»

ያምራል። እውነት እንነጋገር ከተባለ በጣም ያምራል። ሉቃስም ይህን ወዲያው አውቆታል፤ የነደደውም ለዚህ ነው። ክብረት መጥፎ ቢመታ ኖሮ ያን ጊዜውኑ ይቅር ይለው ነበር። እኔ ለምን አላሰብሁትም እያለ የሚክሰሩን ጫፍ አንቆ ያዘ።

ሁለተኛው «አሜን» ተባለ። ሦስተኛው ሽማግሌ ከዘራቸውን ተደግፈው እስኪነሡ ክብረት ሉቃስን በእጁ ጠራው። ሉቃስ ሊቀር አሰበ፤ እግሩ ግን ቀድሞት መድረኩ ላይ ወጣ። ክብረት ወንበሩን ለቀቀና ስቲኮቹን በሁለት እጁ አቀረበለት።

«ሦስተኛውን እርስዎ ይምቱት ጋሼ» አለ በጆሮው። «አገሩ የእርስዎ ነው። በእርምጃ ብቻ፤ አያ አስማረ ‹አሜን እስኪባል እንዳታሯሩጥ› ብለውኛል።»

አገሩ! አገሩን ማን ካደው? ምቱስ የማን ነው? ሉቃስ ይህን ሁሉ ዋጠና ተቀመጠ። ወንበሩ ከፍታው እንኳ ተለውጧል፤ ለክብረት ረጃጅም እግሮች።

በእርምጃ ጀመረ። እጁ አልረሳም። ሽማግሌው መረቁ፤ ፈረሶቹ ቆሙ፤ ሁሉም ደህና ነበር። ቀና ሲል ከመድረኩ ሥር ያሉ ወጣቶች ስልካቸውን ከፍ አድርገው እየቀረጹ ናቸው። ሉቃስ ፈገግ ሊል ሲል ስልኮቹ ሁሉ ከእሱ ጎን ወደ ቆመው ክብረት የዞሩ መሆናቸውን አየ። አንዲት ልጅ ጓደኛዋን በክርኗ ነካ አድርጋ ጠየቀቻት፦

«የሚመታው ማን ነው?»

«ሞንታርቦ አከራዩ ነው።»

ደሙ ፈላ። ከዚያ በኋላ የሆነውን አላሰበበትም ቢባል ውሸት ነው፤ አስቦበታል፣ ለአንዲት ቅጽበት። ማን መሆኑን ሊያሳያቸው የቤዝ ድራሙን ፔዳል ረገጠው። ግልቢያው ተነሣ። የገዛ ሞንታርቦዎቹ የገዛ ሰኮናውን ሜዳው ላይ አፈነዱት፤ ሲምባሉ እንደ ልጓም ተቅጨለጨለ። አንድ ጥቁር ፈረስ ደነበረ፤ ቀጥሎ ሌላው፤ ሰልፉ መሃሉ ላይ ተበጠሰና ፈረስ ሁሉ ተፈተለከ። ሽማግሌው ምርቃታቸው አፋቸው ላይ ቀረ። ከሁሉም ፊት የሮጠው የአያ አስማረ ዳማ ነው። የልጓሙን ዛብ ገና ሳይጨብጡት ወጣ፤ አያ አስማረ አንድ ጊዜ ተንገዳገዱና በጎናቸው መሬት ላይ ተዘረሩ።

የሉቃስ ስቲክ ከእጁ ወደቀ።

ፈረሶቹ ተሰብስበው፣ ወጌሻ ተጠርቶ፣ ሽማግሌዎቹ ከሜዳው ዳር ዝግባው ሥር ተቀመጡ። አያ አስማረ የተሰበረ ክንዳቸው በነጠላ ከአንገታቸው ላይ ታስሮ ከመሃላቸው አሉ። ወደ ጤና ጣቢያ እንውሰድዎ ቢሏቸው ነገሩ ሳይጠራ አልሄድም ብለዋል። ሕዝቡ ዙሪያውን ከቧል። ሚልካ ከፊት ቆማ ባሏን ታየዋለች፤ ባሏ ጫማውን ያያል።

«ፈረሱን ያስበረገገ ማን ነው?» አሉ ሰብሳቢው ሽማግሌ።

ክብረት ብድግ አለ። «ጥፋቱ የእኔ ነው አባቶቼ። ስቲኩን የሰጠኋቸው እኔ ነኝ። በእርምጃ ይምቱ ብየ መንገሩን ረሳሁ።»

ሽማግሌዎቹ ተያዩ። «ጨዋ ልጅ ነው፤ ጥፋቱን አልሸሸገም» አሉ አንዱ። «አሳዳጊውን ይባርክ» አለ ከኋላ የቆመ ሰው፤ ሌሎቹም ተቀበሉት።

ሉቃስ ጆሮውን ማመን አቃተው። ወንበሩን ወሰደ። ምቱን ወሰደ። አሁን ደግሞ ጥፋቱን ወስዶ ሊመሰገንበት ነው! ከተቀመጠበት ተነሣ። ደግነት እንዳይመስላችሁ፤ ያስነሣው ቅናት ነው።

«ነግሮኛል» አለ። «ለእኔ ብሎ ነው የሚዋሸው። በእርምጃ ብቻ ብሎ ነግሮኛል፤ ሰምቼ ነው የመታሁት።» ወደ ሽማግሌዎቹ አንድ እርምጃ ቀረበ። «ያ ምት የእኔ ነው።»

ስንት ጊዜ የተለማመዳት ቃል ሰው ፊት እንዲህ ሆና ወጣች። ያጨበጨበ የለም።

አያ አስማረ ቀና አሉ።

«አውቀዋለሁ» አሉ። «ገና ሲጀምር ነው ያወቅሁት። ከፊቴ አስቀምጨህ ወደ ጥርባ የሄድነው ነው። እሱን ሳዳምጥ ነው ዛቡን መያዝ የረሳሁ።» የታሰረ ክንዳቸውን በደህናው እጃቸው ደገፍ አደረጉት። «ፈረሱም ሳያውቀው አልቀረም።»

ክብረት አጠገቡ ቆሞ ነበር፤ ከብዙ ዓመት ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ግን ሉቃስ ክብረትን ረሳው። ያን በነጠላ የታሰረ ክንድ እያየ ቆመ።