ዚፕ ያለው ዘንዶ

ምስጋኑ የገዛ መልአኩን በሰው ስልክ ላይ ያገኘው በኅዳር ሚካኤል ዋዜማ፣ በጎረቤቱ በእንዳለው በረንዳ ላይ ነው። ምስጋኑ ቄስ ነው፤ እንዳለው ደግሞ አስጎብኚ። እንዳለው ቱሪስት ከራቀ ወዲህ እጁን አጣጥፎ ላለመቀመጥ ጃፓንኛ ይማራል። የሚማረውም ሰዎች ከአሮጌ የቪዲዮ ካሴት እየገለበጡ ኢንተርኔት ላይ ካከማቿቸው የጃፓን የጀግና ፊልሞች ነው።

«አባ፣ ይህችን ይዩልኝማ» ብሎ ስልኩን አስጠጋለት።

ስልኩ ላይ የሚታየው ሰው ፊቱ ብር ነው። ከትከሻው ክንፍ የሚመስል ቆርቆሮ ወጥቷል፤ አንገቱ ላይ ቀይ ሻሽ ይውለበለባል። ከገደል ዘሎ ወረደ፣ በማይታወቅ ቋንቋ ጮኸ፣ ከመዳፉ ብርሃን ወጣ። ከፊቱ የቆመ ቅርፊታም ዘንዶ ተዘረረ፤ ባለ ብር ፊቱም በእግሩ ረገጠው።

ምስጋኑ ስልኩን ነጠቀና ወደ ዓይኑ አስጠጋው።

በሰባ ሰባቱ ድርቅ ጊዜ ገና ሕፃን ሳለ በተስቦ ተይዞ፣ ኩልመስክ አጠገብ የውጭ ሐኪሞች በተከሉት ድንኳን ውስጥ ተኝቶ ነበር። እናቶች እንዳይገቡ ተከልክለው ውጭ ይጠብቃሉ። ያን ጊዜ ነው ይህ ፍጡር፣ ይኸው ራሱ፣ በብርሃን ውስጥ የታየው። እናቱ ወይዘሮ ይማርሽ ሲነግራቸው «ሚካኤል ነው!» አሉ፤ ልጄ ከዳነልኝ ለቤተ ክርስቲያን እሰጠዋለሁ ብለውም ተሳሉ። ዳነ፣ ቆሎ ተማሪ ሆነ፣ ቀሰሰ። በየዓመቱም ለኅዳር ሚካኤል ዝክር ይደገሳል፤ ዳቦው ከመቆረሱ በፊት ምስጋኑ በጎረቤት ፊት ያየውን ይናገራል። ነገም ይጠበቅበታል።

«ይኼ ነገር መቼ የመጣ ነው?» አለ።

«ኧረ የድሮ ነው አባ፤ እኛ ሳንወለድ የተሠራ። ዘንዶው እኮ ጎማ ነው። ዚፑ አይታይዎትም?»

እውነትም የዘንዶው ጀርባ ላይ ዚፕ ነበር።

ለካ የድንኳኑ ሐኪሞች ጃፓኖች ኖረዋል። የታመሙትን ሕፃናት ለማጫወት ትንሽ ቴሌቪዥን ከፍተውላቸው ኖሯል። ይህን ለመገመት ሊቅ መሆን አያሻም፤ ማመን ግን ከበደው። ፊልሙን በቴሌግራም አስልኮ ወደ ቤቱ ሄደ፤ ለምን እንዳስላከው ግን ራሱም አላወቀም።

ሐሳቡ ተተራመሰ። በበለዓም አህያ አፍ የተናገረ አምላክ በጃፓን ቴሌቪዥን መናገር ይሳነዋል? አይሳነውም። አህያዋ ግን ዚፕ አልነበራትም። ታዲያ እኔን የጠራኝ ማን ነው? ካልተጠራሁስ ይህን ሁሉ ዘመን ሕዝቡን መስቀል ያሳለምሁት ማን ልኮኝ ነው? በማግስቱ ቅዳሴ ላይ ተሳስቶ ዲያቆኑ ጎሸም አደረገው። ሥዕሉን ቀና ብሎ ቢያይ የሚካኤል ፊት ብር ብር ይለው ጀመር። ሐፍረትም፣ ሳቅም፣ ልቅሶም አንድ ላይ መጡበት።

ቤት ሲደርስ እንግዶቹ ገና አልመጡም። እናቱ ድፎውን በነጭ ጨርቅ ሸፍነው ተቀምጠዋል። አይቶ እንዳላየ ሆኖ የተለመደውን ቢናገር ውሸት ነው፤ እውነቱን ቢናገር ከአሮጊት እናቱ እጅ መልአክ መንጠቅ ነው። ወዲያ ሲል ወዲህ ሲል አፉ ቀደመው።

«እማየ፣ ያ መልአክ ፊልም ኖሯል» አለና ስልኩን ከፍቶ ሰጣቸው።

ራቅ አድርገው ይዘው፣ ዓይናቸውን አጥብበው፣ እስኪያልቅ አዩት።

«ሰው የሠራው ነው?»

«ሰው የሠራው ነው። ይቅር ይበሉኝ።»

«መልአክ አይደለም? እርግጠኛ ነህ አንተ?» ከቀሰሰ ጀምሮ አንቱ እንጂ አንተ ብለውት አያውቁም።

«አይደለም።»

እንባቸው ዱብ ዱብ አለ። ምስጋኑ የፈራሁት ደረሰ ብሎ እግራቸው ላይ ሊወድቅ ሲል ክንዱን ያዙት።

«ብርቅዬም አይታው ነበር» አሉ።

ብርቅዬ በዚያው ድንኳን የሞተች ታላቅ እኅቱ ናት። ከሞተች ወዲህ በዚህ ቤት ስሟ ሲነሳ ሰምቶ አያውቅም።

«ባንተው ቀን ነው፣ በድንኳኑ ሸራ በኩል የነገረችኝ። ‹እማየ፣ ፊቱ ብር የሆነ መጣ› አለችኝ። በማግስቱ ሞተች። ለማንም ተንፍሼ አላውቅ። ሁለታችሁንም ጎብኝቶ፣ አንተን አንስቶ እሷን ጥሎብኝ ሄደ ብየ፣ ይኸን ሁሉ ዓመት እየዘከርሁት ተቀይሜው ኖርሁ፣ ልጄ። ምን አድርጋው ነው እያልሁ። እንግዲያ ጥሏት የሄደ መልአክ የለም በለኛ!»

ምስጋኑ ይደሰት ወይስ ያልቅስ ግራ ገባው። እሱን ማን እንደጠራው ያው አሁንም አላወቀም።

ከደጅ የጎረቤቶቹ ድምፅ ተሰማ፤ «እንኳን አደረሳችሁ፣ ቤቶች!» እናቱ ግን አልተነሱም። ስልኩ ላይ የወደቀውን እንባ በነጠላቸው ጫፍ ጠርገው መለሱለት።

«እስቲ ድገምልኝ» አሉ። «ብርቅዬ ያየችውን ልየው።»