ለኢናሲዮ ሽማግሌ ሆኜ

በኢናሲዮ ሁለት ጊዜ ቀንቼበታለሁ። መጀመሪያ በብዕሩ፣ ቀጥሎ በኖላዊት።

ኢናሲዮ ስፔናዊ ደራሲ ነው፤ የፊልም ድርሰትም ይጽፋል። ሲያትል የመጣው ኮሌጅ ውስጥ ድርሰት ሊያስተምር ነው፤ እኔም ተማሪው ነበርኩ። የእኔ ልቦለድ ምዕራፍ ሦስት ላይ ተገትሮ ዓመታት ሲያልፉ፣ ይሄ ሰውዬ እየሳቀና እያጨሰ ይጽፋል፣ ይታተምለታል። ያናድዳል! ከኖላዊት ጋር ደግሞ ያስተዋወቅኋቸው እኔው ነኝ። እሱ የጻፈው ፊልም በሚታይበት ቀን የጋበዝኳት ከምን ዓይነት ሰው ጋር እንደምውል እንድታይልኝ ነበር። አየች፤ ግን እሱን።

በፈረንጆቹ 2012 ጸደይ ላይ ታኮማ ከተማ ከምትሠራበት ፋርማሲ ደወለችልኝ።

"ሶ ሕዝቅኤል፣ ፕሊስ እምቢ እንዳትለኝ። ኢናሲዮ ሽማግሌ ሊልክ ነው። ከጋሽ ገመዳ ጋር አንተ ሂድልኝ። አባዬ ይወዱሃል፤ ለእኔም ወንድሜ ነህ።"

ወንድሜ! ስንት ዓመት በልቤ ይዣት የኖርኩትን ሰውዬ ወንድሜ አለችኝ። እሺ አልኳት። እሺ ያልኩት ግን ነገሩን ላበላሸው ነው። ኢናሲዮ ማድሪድ ውስጥ አግብቶ ፈትቷል፤ አባቷ አቶ ፍስሐ ደግሞ በፍቺ ነገር ቀልድ የማያውቁ የቤተ ክርስቲያን ሰው ናቸው። ሽማግሌ ሲሄድ የላከውን ሰው ነውር ይሸፍናል። እኔ አልሸፍንም።

የማኅበራችን አንጋፋ ሽማግሌ ከሆኑት ከጋሽ ገመዳ ጋር ሲያትል አጠገብ ቱክዊላ አቶ ፍስሐ ቤት ሄደን ሳሎን መሃል ቆምን።

"ቁጭ በሉ እንጂ" አሉ አቶ ፍስሐ።

"ጉዳያችን ሳይሰማ አንቀመጥም" አሉ ጋሽ ገመዳ፤ ልጅዎን ለልጃችን ብለውም ጠየቁ።

"ደራሲ ነው ትላላችሁ። ለመሆኑ ምን ዓይነት ሰው ነው?"

ጋሽ ገመዳ ወደኔ ዞሩ። ጀመርኩ። የተወለደው በሰሜን ስፔን፣ ዓሣ አጥማጆች በሚኖሩባት ትንሽ ከተማ ነው፤ አባቱን ባሕር በላው፤ እናቱ ዓሣ ፋብሪካ እየሠራች አሳደገችው። የመጀመሪያ መጽሐፉን የገዛው ስላልነበረ መጋዘን ውስጥ ሻገተ። ከዚያ ማድሪድ ገብቶ ለቴሌቪዥን በሌሎች ስም ጻፈ። በኋላ የጻፈው ፊልም ሲሸለም መድረክ ላይ የወጣው ዳይሬክተሩ ነው፤ የእሱን ስም የጠራ አልነበረም። ይህን ሁሉ የማውቀው ጓደኛው ስለሆንኩ አይደለም። ቅናት እንቅልፍ ስለሚነሳኝ ስለ እሱ የተጻፈውን ሁሉ አነባለሁ። አቶ ፍስሐ አፌን አፌን እያዩ ሲያዳምጡ፣ ታሪኩ በእኔ አፍ ማማሩ ራሱ አበሸቀኝ።

"ትዳርም ነበረው። ፈቷል" አልኩ።

ጋሽ ገመዳ በክርናቸው ጎሸም አደረጉኝ። አቶ ፍስሐ ግን ወደኔ ቀረብ ብለው፣

"ይህን ንገር ብሎ የላከህ አለ?" አሉኝ።

"ማንም የለም፣ ጋሼ።"

"ለታላላቆቿ የመጡት ሽማግሌዎች ሁሉ መልአክ አምጥተውልኝ ነበር። ጉዱን ያየሁት ከሰርጉ በኋላ ነው። መጥፎውን ሳይደብቅ የሚነግረኝ ሽማግሌ ዛሬ ገና መጣ። አንተን የመሰለ ሰው የሚልክ እሱም የሚደብቀው የለውም። ቁጭ በሉ፤ ሰጥቻለሁ።"

ላበላሸው የመጣሁትን ራሴ አሳክቼ ተቀመጥኩ።

ኖላዊት ከጓዳ ወጥታ የአባቷን ጉልበት ሳመች፤ ከዚያ እኔን አቀፈችኝ።

"ቴንክ ዩ! ፍቺውን ለአባዬ እንዴት እንደምነግራቸው እንዴት ስትረስ አድርጎኝ እንደነበር! 'ሕዝቅኤልን ላኪው፣ እሱ ራሱ ያወጣዋል፤ አባትሽም እውነተኛ ነው ብለው ያምኑታል' ያለኝ ኢናሲዮ ነው።"

"ለምን እንደማወጣው ነግሮሻል?"

እጇን ከትከሻዬ ላይ አነሳችና ምንጣፉን ማየት ጀመረች።

"ነግሮኛል" አለች ቀስ ብላ።

የምለውን፣ የምልበትን ምክንያትና አቶ ፍስሐ የሚመልሱልኝን ኢናሲዮ ቀድሞ ያውቀው ነበር። እኔ ስንት ዓመት ታግዬ አንድ ገጸ ባሕርይ ማቆም አቅቶኛል፤ እሱ እኔን አንዲት ቃል ሳያጓድል ጽፎኛል። ከኖላዊትም ይልቅ በዚህ ቀናሁበት።