የትንቢት ድርሻ

እኔ ቂም አልይዝም፤ መዝገብ ነው የምይዘው። መቱ ከተማ መዝገብ ቤት ሠላሳ ዓመት ስሠራ አንድ ፋይል ጠፍቶብኝ አያውቅም። የታናሽ እህቴ የትንቢት ጥፋትም አልጠፋብኝም።

እናታችን ያረፈችው በ2006 ዓ.ም. ሐምሌ ላይ ነው። ቀብሩ ለስድስት ሰዓት ተባለ። ትንቢት የምትኖረው ኡካ ነው፤ ባሕር ማዶ አይደለም። እሷ ግን ቀብረን ከተመለስን በኋላ፣ ዘጠኝ ሰዓት ላይ፣ እስከ ጉልበቷ በጭቃ ተለውሳ ድንጋይ ታቅፋ ደረሰች። እማዬ ለወፍጮዋ የሚሆን መጅ ከሶር ወንዝ እንድታመጣላት ለምናት ስለነበር ቃሌን ላድርስ ብላ ነው። አረንጓዴ ጅማት የሚታይበት ልስልስ ያለ ድንጋይ ነው።

«አልቀበራችኋትም አይደል? ገና አምስት ሰዓት ነው» አለችና የእጅ ሰዓቷን አሳየችኝ።

ሰዓቱ እውነትም አምስት ይላል። ወደ ኋላ አዙራው ልታታልለኝ ነው ብዬ ደሜ ፈላ።

ሳምንት እንዳለፈ የማርያም ማኅበር እኔ ቤት ሆነ። ዳቦው ሊቆረስ ሲል ትንቢት ገባች። እኔም በማኅበርተኛው ሁሉ ፊት፣ «ለእናቷ ቀብር ያረፈደች ለማርያም ዳቦ በሰዓቱ ደረሰች» አልኩ። ነጠላዋን አጣፍታ ወጣች።

በእኛ ማኅበር የቀረ ሰው ድርሻ ለሌላ አይሰጥም፤ ይቀመጥለታል፣ ወይም በሰው ይላክለታል። እኔ አልልክም አልኩ። እግር የላትም እንዴ? መጥታ ትውሰድ! ዳቦውን ከነሙቀቱ በትንሿ ሞሰብ ከተትኩ፤ ድመት እንዳይከፍተው ያንኑ ትንቢት ትታው የሄደችውን መጅ ክዳኑ ላይ ጫንኩና አልጋዬ ራስጌ አስቀመጥኩት። እዚያው አሥራ አንድ ዓመት ቆየ። ደርቆ ድንጋይ ሆኗል ብዬ ነበር የማስበው፤ ክዳኑን ካነሳሁ ግን የተሸነፍኩ ይመስለኝ ነበር፤ አላነሳሁትም።

ከዚያ ወዲህ በሰዓቱ ቢሮ ገብቼ አላውቅም። ማታ ማታ ባስተካክለውም፣ ራስጌዬ ያለው ሰዓት ሁለት ሲል እወጣለሁ፤ ቢሮ ስደርስ ሦስት አልፏል። ፊት ለፊት ካለው ከሱሌማን ሱቅ ሦስት አዲስ ሰዓት ገዝቼ ሦስቱንም መለስኩ።

«እትዬ ምንዳዬ፣ ሰዓቱ ምንም አልሆነም። እኔ ጋ ግድግዳ ላይ ሲሰቀል ልክ ይሠራል» ይለኛል ሱሌማን በትዕግሥት።

ሚስቱ ሁስና ደግሞ ትስቅብኛለች። «አካም ቡልተን፣ ደህና አደሩ እትዬ! ምንድን ነው የሚቀቡት? እኛ ስናረጅ እርስዎ ባሉበት!»

ጡረታ ስወጣ የጡረታ ቢሮው ሠራተኛ ፊቴንና መታወቂያዬን ሦስት ጊዜ አስተያየ። እኔ ሰው ባለማስጠጋቴ ያማረብኝ መስሎኝ ኮራሁ።

ባለፈው ኅዳር፣ ከሰዓት በኋላ፣ በሩ ተንኳኳ። ስከፍት እናቴ የቆመች መሰለኝ። ፀጉሯ ሸብቷል፤ ትከሻዋ ጎብጧል። ትንቢት ነበረች።

«እትዬ፣ ሳያት ጥር ላይ ልታገባ ነው። በእማዬ ቦታ ቁጭ ብለሽ ልጄን እንድትመርቂልኝ ነው የመጣሁት። እምቢ ካልሽም ከአፍሽ ልስማውና ይውጣልኝ፤ ሁለተኛ አልመጣም። የኡካ መኪና አሥር ሰዓት ላይ ይወጣል።»

ሳያትን ለመጨረሻ ጊዜ ያየኋት የአሥር ዓመት ልጅ ሳለች ነው። ንዴቴ ግን ልክ እንደዚያ ቀን ነበር፤ ትንሽ እንኳን አልበረደም። «ግቢና መጀመሪያ ድርሻሽን ውሰጂ» አልኳት። ውሰጂና ሂጂ ልላት ነበር።

መኝታ ቤት ገባን። እሷ መጁን አንስታ ታቀፈች፤ እኔ ክዳኑን ከፈትኩ።

እንፋሎት ፊቴን መታኝ። ዳቦው ትኩስ ነው። የጥቁር አዝሙዱ ሽታ ቤቱን ሞላው። ሁለታችንም አማተብን።

«እትዬ፣ ሰዓቴን እዪው» አለች ትንቢት።

ድንጋዩን ባቀፈው እጇ ላይ ያለችው ሰዓት ሴኮንዷን ለመቁጠር ትለግማለች። መጁን ተቀብዬ በረንዳ ላይ አስቀመጥኩና ተመለስኩ። ሰዓቷ መደበኛ ሥራዋን ጀመረች።

«ያን ቀን መኪናው ጭቃ ያዘውና ግማሹን መንገድ በእግሬ መጣሁ» አለች ቀስ ብላ። «መጁን ደረቴ ላይ አቅፌ። በጣም የፈጠንኩ መስሎኝ ነበር።»

አልጋው ጫፍ ላይ ቁጭ አልኩ። ያ ሁሉ ማርፈዴ፣ ያልሸበተው ፀጉሬ፣ ያልበረደው ንዴቴ፣ ሁሉም ባንድ ጊዜ ገባኝ። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ራሴን እዚያ ድንጋይ ሥር አስተኝቼ፣ ከዳቦው እኩል ከድኜው ኖሬያለሁ። ታናሼ ልጅ አሳድጋ፣ ሸብታ፣ ቀድማኝ ሄዳለች። አፈርኩ።

«ትንቢትዬ፣ ሰዓትሽ ልክ ነበር» አልኳት።

እሷም አጠገቤ ተቀምጣ አለቀሰች። እኔም አለቀስኩ። የኡካ መኪና ሲያልፈን ማናችንም አልተነሳንም። ዳቦውን ቆርሰን እየተጎራረስን በላን፤ ግማሹ ተረፈ።

መጁን ጓሮ፣ አቮካዶው ሥር ቀበርነው። አቮካዶው እስካሁን አንድ ቅጠል አልጨመረም፤ ይቅርታ እየጠየቅኩት ነው። ለሳያት ሠርግ በዋዜማው ሄጄ አደርኩ፤ በእማዬም ቦታ ተቀምጬ መረቅኋት። ጆሮ ግንዴ ላይ ሁለት ሽበት ወጥቶ ስለነበር ለሰው ሁሉ አሳየሁ።

ከሁሉ የማልረሳው ግን ዳቦውን የበላን ማግስት ጠዋት ነው። ትንቢት አጠገቤ ተኝታለች። ተነስቼ ሞሰቡን ከፈትኩ። የተረፈው ዳቦ ቀዝቅዞ፣ ጠርዙ ደርቆ ነበር። በጣቴ ነካ ነካ አደረግኩትና ደስ አለኝ።