የኢንገር ስኮውቦ ካርድ

ረቡዕ ጠዋት ሮሆቦት ከአሌክሳንድሪያ ስትመጣ ሦስቱን የካርድ ሣጥኖች አውርጄ ጠረጴዛ ላይ አስቀምጬ ጠበቅኳት። ባለቤቴ ልሳነወርቅ ካረፈ ሁለት ዓመት አልፎት ነበር። ሣጥኖቹን ከዚያ ወዲህ አልከፈትኳቸውም ነበር። ጊዜ አጣሁ እል ነበር።

ሮሆቦት እዚሁ አሜሪካ የተወለደች የቤተ ክርስቲያናችን ልጅ ናት። ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ለቤቴ ቅርብ በሆነ አንድ ሲኒማ ቤት የድሮ ፊልሞችን ፕሮግራም ታዘጋጃለች። ያን ጊዜ፣ በፈረንጆቹ 2013 ላይ፣ መቶ ዓመት የሞላው ድምፅ አልባ የዴንማርክ ፊልም ልታሳይ ነበር። ፊልሙ ላይ የደራሲ ስም የለም። ልሳነወርቅ ግን ኮፐንሀገን ተማሪ ሳለ የእጅ ጽሑፉን መዝገብ ቤት ውስጥ አግኝቶታል፤ የጻፈችው ኢንገር ስኮውቦ የምትባል የስልክ ኦፕሬተር ናት። ይህን ከአምልኮ በኋላ ለሮሆቦት ስንቴ ነግሯታል። ያገኘውን ሁሉ በካርድ ይይዝ ነበር።

«ፕሮግራሙ ዓርብ ማተሚያ ቤት ይገባል» አለችኝ። «የመዝገብ ቁጥሩን ካላገኘን ‹ደራሲው ያልታወቀ› ብለን ልናወጣው ነው።»

እሷ ስትፈልግ እኔ ወጥ ቤት ውስጥ ሥራ የያዝኩ መስዬ ቆምኩ። አንድ ሰዓት ያህል ቆይታ ጠራችኝ።

«እትዬ ስሂን፣ ሶሪ፣ የለችም። ‹ስ›ን ሁለቴ ቼክ አደረግኩት።»

መጥቼ አጠገቧ ተቀመጥኩ። «ስኮውቦ ብለሽ ነው የምትፈልጊያት?»

«ላስት ኔሟ ነዋ!»

«ልሳነወርቅ ሰውን በራሱ ስም እንጂ በአባቱ ስም አይደረድርም። ኢንገር በይ። ‹አ› ውስጥ እዪ።»

«ኖ ዌይ! ጋሽ ልሳነወርቅ ላይብረሪ አይደል እንዴ የሠሩት?»

«ሠላሳ ዓመት በላስት ኔም ሲደረድር ውሎ ቤቱ ሲገባ ይበቀላቸው ነበር።»

ሳቀች። እኔም ሳቅሁ።

ኢንገር ተገኘች፤ በቧንቧ ሠሪያችን በአምሃና በጥርስ ሐኪሙ በኤሊ መካከል። ሮሆቦት ካርዱን ሳታነበው ለእኔ ሰጠችኝ። በዚያ ደቃቅ ጽሑፉ ስሟ፣ ሥራዋ፣ የመዝገብ ቁጥሩ ሰፍሯል። ከሥር፣ «ስሟን የትም አላወጡትም። አንድ ቀን።» ይላል።

ቀለሙ ምንም አልደበዘዘም። ጥቂት ያዝኩትና «ፎቶ አንሺው» አልኳት።

ሮሆቦት ቁጥሩን ለመዝገብ ቤቱ ላከች፤ በማግስቱ ከኮፐንሀገን የእጅ ጽሑፉ የመጀመሪያ ገጽ ቅጂ ተላከ፤ ፊርማዋ ግርጌው ላይ ነበር። ፕሮግራሙ ስሟን ይዞ ታተመ።

ፊልሙ የታየ ዕለት ጎኔ ባለው ወንበር ላይ ካፖርቴን አስቀምጬ ነበር። አንድ ሽማግሌ ሰው ተይዟል ወይ ብሎ ጠየቀኝ። አልተያዘም ብዬ ካፖርቴን ጭኔ ላይ አደረግኩት። ሮሆቦት መድረክ ላይ ወጥታ የኢንገርን ስም በማይክሮፎን ስታነብ ሰዉ አጨበጨበ። ፊልሙም ጥሩ ነበር። ጀልባ የምትቀዝፈዋ ሴት መጨረሻ ላይ ወንዙን ለብቻዋ ትሻገራለች፤ ስትሻገር ግን ቸኩላ አይደለም።

ቤት ገብቼ ፕሮግራሙን ከኢንገር ካርድ ኋላ ከተትኩት። ከዚያ ‹ለ› ውስጥ ፈለግኩ። የሰው ሁሉ ካርድ ሲጽፍ የኖረው ሰውዬ ለራሱ አልሠራም። ባዶ ካርድ አውጥቼ ጻፍኩለት፦

«ልሳነወርቅ። ኢንገርን ያገኘ።»

ከዚያ በቦታው አስገባሁት።