ያለ ፈቃድ የተፈጸመ ግዢ

አራተኛውን ካልሆነ በቀር የትኛውንም ሊመርጥ አይችልም፣ አንዱን ካነበበ በኋላ ሌላውን ያነባል፣ ጣቱ ጆይስቲኩ ላይ ተንጠልጥሏል፣ ስክሪኑ ይጠብቀዋል፣ ለተመላሽ ገንዘብ ጥያቄዎ ምክንያትዎን ይምረጡ፣ አንድ፣ የተገዛው ጌም በትክክል አይሠራም፣ ይሠራል እንጂ፣ እንደ እሳት ነው የሚሠራው፣ ሁለት፣ በስህተት ተጭኜ ገዛሁ፣ ሃያ ሦስት ጊዜ? ሃያ ሦስት ጊዜ የሚሳሳት ሰው ጣቱን ይመርመር፣ ሦስት፣ ሐሳቤን ቀየርሁ፣ እሱስ ቀይሯል፣ ግን ከሥሩ በትንንሽ ፊደል፣ ግዢው ከተፈጸመ አሥራ አራት ቀን ላላለፈውና መጠቀም ላልተጀመረበት ብቻ። ተጠቅሟል። ሃያ ሦስቱንም መኪና አንድ በአንድ ነድቷቸዋል።

አራት። ለአካለ መጠን ያልደረሰ የቤተሰብ አባል ያለ ፈቃድ የፈጸመው ግዢ።

አምሳ ዓመት ሊሞላው ሁለት የቀረው ሰው፣ የአሳንሰር ጠጋኝ፣ እግሩን በጄሶ ታስሮ ሶፋ ላይ የተጋደመ፣ በልጁ ጌም ማጫወቻ ላይ ያፈጠጠ። ሥራ ቦታ ቢያዩት ምን ይላሉ፣ እነዚያ አፈኛ ጓደኞቹ፣ አስታራቂ ነው የሚሉት፣ ከፎቅ ጋር የተጣላን ሳጥን አስታራቂ፣ መሰላሉ ከድቶት ጉልበቱ የተሰበረ ቀን እንኳ ተሸክመውት እየሄዱ ሲቀልዱ ነበር፣ አሁን ቢያዩት አይቀልዱም፣ አይናቸውን ነው የሚመልሱት።

ስድስት ሳምንት። ባለቤቱ በማለዳ ወደ ሆስፒታል፣ ነርስ ናት፣ ልጅቷ ወደ ትምህርት ቤት፣ እሱና ፍሪጁ ብቻ ይቀራሉ፣ ፍሪጁ እንኳ ሥራ አለው፣ ያቀዘቅዛል። በአራተኛው ቀን ጆይስቲኩን ያነሳው አቧራውን ልጥረግ ብሎ ነው፣ እውነቱን ነው፣ ጨርቅም ይዞ ነበር። ከዚያ መንገድ፣ ተራራ፣ ባሕር ዳርቻውን የሚዞር አስፋልት፣ ሽንት ቤት ለመድረስ ግድግዳ የሚደገፍ ሰው በሰዓት ሦስት መቶ ኪሎ ሜትር ይከንፋል። የመጀመሪያዋ መኪና የአንድ ብርጭቆ ሻይ ዋጋ ነበረች። አንዲት ሻይ። ሁለተኛዋም ሻይ። የኋለኞቹ ሻይ አልነበሩም። ካርዱ ተሞልቶ የተቀመጠ ነው፣ ፓስወርድ አይጠይቅም፣ ትፈልጋለህ? አዎ፣ ያንተ ሆነ፣ እንኳን ደስ አለህ፣ በዚህ ቤት እንኳን ደስ አለህ ከተባለ ዓመት ሆኖታል።

የማን ካርድ? እሱን አላሰበም፣ አስቧል፣ አስቦ ነው ያላሰበው። ዛሬ ጠዋት ባለቤቱ ጫማዋን እያሰረች፣ የሚጣ አባት፣ ማክሰኞ የጥርስ ሐኪሟ ጋ እንወስዳታለን፣ የጥርስ ማቅኛ ብረቱን ታስገባላታለች፣ ገንዘቡን ዓመት ሙሉ ካርዱ ላይ ሳጠራቅም ነበር አለችው፣ ፊቷ በርቶ፣ እሱም፣ ጎበዝ አላት። ጎበዝ! ምላሱን በቆረጠው። አሥራ ሁለት ዓመቷ ነው፣ ስትስቅ አፏን በእጇ ትሸፍናለች፣ ክፍል ውስጥ አንድ ልጅ መጋዝ ብሏታል።

ይጫናል። አራትን። ካፈርኩ አይመልሰኝ ማለት ይህ ነው።

ትንሽ ሳጥን ይከፈታል፣ ጤና ይስጥልኝ ክቡር ደንበኛችን፣ ጥያቄዎን ለማስተናገድ ጥቂት መረጃ ያስፈልገናል፣ የልጅዎ ዕድሜ ስንት ነው? አሥራ ሁለት። ፓስወርዱን ያውቃል? ታውቃለች ብሎ ይጽፋል፣ ሴት ናት። ግዢውን እርሷ መፈጸሟን አነጋግረው አረጋግጠዋል? እጁ ትንሽ ይቆማል፣ ጎረቤት ቤት ሰው ምንጣፍ ያራግፋል፣ ዷ ዷ ዷ፣ አዎ፣ አነጋግሬያታለሁ፣ አልቅሳለች።

አልቅሳለች?

ማን ጠየቀህ አንተ ሰውዬ፣ አስተናጋጁ እንባ ጠየቀህ? ዕድሜ ነው የጠየቀህ፣ ከየት አመጣኸው፣ ልጅቷ በዚህ ሰዓት ክፍል ውስጥ ተቀምጣ ሒሳብ ትማራለች፣ ምናልባት አፏን ሸፍና እየሳቀች ነው፣ አንተ እዚህ ታስለቅሳታለህ፣ ሊያጠፋው ይሞክራል፣ አንዴ የተላከ አይጠፋም።

ስለ ትብብርዎ እናመሰግናለን። ማረጋገጫ ወደ አካውንቱ ባለቤት ኢሜይል ተልኳል፣ እንዳጸደቁት ገንዘቡ በአሥር የሥራ ቀን ይመለሳል። ለልጅዎ ደኅንነት ሲባል የግል ገጿ ተዘግቷል።

የአካውንቱ ባለቤት። ባለቤቱ። እሷ ናት የከፈተችው፣ በእሷ ስም። ደግሞ የምን መዝጋት፣ ማን ዝጉ አላችሁ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ከጓደኞቿ ጋር የምትወዳደርበት፣ ሦስት ዓመት ሙሉ ያጠራቀመችው ዋንጫ፣ ራሷ ቀለም የቀባቻት አረንጓዴ መኪና፣ እባክዎ አይዝጉባት ብሎ መጻፍ ይጀምራል፣ ጽሑፉ በግማሽ ይቀራል፣ ውይይቱ ተጠናቋል፣ አገልግሎታችንን ከአንድ እስከ አምስት ይመዝኑ። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች። ብብቱ ውስጥ የነበረችው ልጁ ናት።

ከሰዓት በኋላውን እንዴት አሳለፈው፣ አያውቅም፣ ጄሶው ውስጥ ያሳክከዋል፣ በሹራብ መሥሪያ ያካል፣ ማሳከኩ ሌላ ቦታ ነው። ምናልባት ኢሜይሏን አትከፍትም፣ ኢሜይል የሚከፍት ነርስ የት አለ፣ ምናልባት ከፍታ ዝም ብላ ታጸድቃለች፣ ገንዘቡ ይመለሳል፣ ብረቱ ይገባል፣ ልጅቷ ትስቃለች፣ ማን ተጎዳ? ማንም።

በሩ ይከፈታል። ሚጣ፣ ቦርሳዋን በአንድ ትከሻ፣ አባዬ በላህ? በላሁ፣ አልበላም። ጫማዋን ታወልቃለች፣ ውሃ ትጠጣለች፣ ወደ ስክሪኑ ስትዞር ነው እሱ ማጥፋት የረሳው ትዝ የሚለው፣ ስሟ ላይ ቁልፍ ተንጠልጥሏል፣ ግራጫ ቁልፍ፣ ከሥሩም፣ በወላጅ ጥያቄ የተዘጋ። ልጅቷ ታነባለች። ሁለቴ ነው የምታነበው፣ ከንፈሯ ሲንቀሳቀስ ያያል። ከዚያ ዞራ ታየዋለች፣ ጥያቄ የለውም አስተያየቷ፣ ምነው ጥያቄ በኖረው።

ስልኩ ይጮኻል፣ ጠረጴዛው ላይ ነው፣ እሱ ክራንቹን እስኪያነሳ እሷ ታነሳለች፣ እማዬ። የባለቤቱ ድምፅ ከስልኩ ተርፎ ክፍሉን ይሞላል፣ ሚጣ፣ ይሄ ምንድነው የተላከልኝ፣ ሃያ ሦስት ጊዜ? ሃያ ሦስት ጊዜ የጥርስሽን ገንዘብ? አንቺ ነሽ?

አሁን። አሁን ተናገር፣ አፉ ተከፍቷል፣ አየር ገብቷል፣ አንዲት ቃል ናት፣ እኔ፣ ያውም ሁለት ፊደል። ልጅቷ ስልኩን ጆሮዋ ላይ ይዛ ዓይን ዓይኑን ታየዋለች፣ ትጠብቀዋለች፣ ጊዜ ሰጥታዋለች፣ በኋላም ቢሆን ይህን አይክድም፣ በቂ ጊዜ ሰጥታዋለች።

አዎ እማዬ፣ እኔ ነኝ።

አባትሽ የት ነበር?

ተኝቶ ነበር።

ስልኩን ቀስ አድርጋ ታስቀምጣለች፣ ቦርሳዋን ታነሳለች፣ ክፍሏ ትገባለች፣ በሩን ቀስ አድርጋ ትዘጋለች። ብታላጋው ምን ነበር፣ ብትጮህበት፣ ብትሰድበው፣ መሬት ተከፍታ ብትውጠው በወደደ፣ ግን አራተኛ ፎቅ ላይ ነው፣ ቢበዛ የሚውጠው የሦስተኛው ፎቅ ጎረቤት ነው።

ከመቼ ጀምሮ ነው የምታውቀው? እያሰበ ያገኘዋል፣ ከሁለት ሳምንት በፊት፣ እራት ላይ፣ አባዬ፣ ቀይዋ መኪና መታጠፊያ ላይ ትንሸራተታለች አይደል? ብላው ነበር፣ ዳቦውን እያየ አልሰማሁም አለ፣ ጌሙ መዝግቦት ነበር፣ መጨረሻ የተነዳው፣ ረቡዕ፣ ረፋድ፣ ረቡዕ ረፋድ እሷ ትምህርት ቤት ናት። አውቃ ነበር። አልተናደደችም ያኔ፣ ስትጠይቀው ዓይኗ ይስቅ ነበር፣ አብረን እንጫወት እስኪላት ስትጠብቅ ነበር ለካ። እሱ ዳቦውን አየ።

በክራንቹ ተነስቶ በሯ ጋ ይሄዳል፣ ይቆማል። ሰው አሳንሰር ውስጥ ሲቀረቀር መጀመሪያ የምትልከው ድምፅህን ነው፣ ለአዲስ ሠራተኛ ሁሉ ይህን ያስተምራል፣ መፍቻ ሳታነሳ ተናገር፣ እዚህ ነኝ በል፣ ሰው በጨለማ ውስጥ የሚፈራው ብቻውን የቀረ ሲመስለው ነው። ከበሩ ወዲህ ሆኖ ይተነፍሳል። ከበሩ ወዲያ ወረቀት ይገለበጣል፣ የቤት ሥራዋን ትሠራለች። ተመልሶ ይቀመጣል።

ባለቤቱ ፀሐይ ሳትጠልቅ ትገባለች፣ ከሌላው ቀን ቀድማ፣ ተረኛዋን ለምና፣ ዩኒፎርሟን እንኳ አላወለቀችም፣ ነይ ውጪ! ልጅቷ ትወጣለች፣ አንገቷን ደፍታ ምንጣፉ ላይ ትቆማለች። እኔ የሰው ቁስል እያጠብኩ ያጠራቀምኩትን፣ ለአሻንጉሊት መኪና? እስከ ዓመቱ መጨረሻ ጌም የሚባል አይንሽ አያይም፣ ብረቱም ይቆያል፣ ገንዘቡ ቢመለስም ይቆያል፣ ያንቺ ጥርስ አይደል፣ ትማሪበታለሽ።

ልጅቷ እጇን አፏ ላይ ታደርጋለች። ሳትስቅ።

እኔ ነኝ፣ ይላል።

አንተ ዝም በል፣ አንተ ነህ እያሞላቀቅክ ያበላሸሃት።

የገዛሁት እኔ ነኝ እኮ ነው የምልሽ።

ባለቤቱ ትዞራለች፣ ታየዋለች፣ ፊቷ ይለሰልሳል፣ ይህ ነው የሚገድለው፣ ይለሰልሳል፣ ኧረ ተው፣ ልጅህ ናት ብለህ ጥፋቷን አትሸከምላት፣ ደግ ስለሆንክ እኮ ነው የምትጫወትብህ፣ ትለዋለች። ደግ። እውነቱን ተናግሮ ደግ ተባለ፣ እዚህ ላይ ቢያቆም ደግ ሆኖ ይቀራል፣ ለአንዲት ቅጽበት፣ እግዜር ይቅር ይበለው፣ ለአንዲት ቅጽበት ማቆም ያምረዋል። ልጅቷ ቀና ብላ ታየዋለች።

ጆይስቲኩን ያነሳል፣ ከደንበኛ አስተናጋጁ ጋር የተጻጻፈውን ስክሪኑ ላይ ይከፍታል፣ አንብቢው፣ ይላታል፣ ሰዓቱን እዪ፣ ረፋድ ነው፣ እሷ ትምህርት ቤት ነበረች።

ባለቤቱ ቆማ ታነባለች። መጀመሪያ በሆዷ። ከዚያ ድምፅ አውጥታ፣ ቀስ ብላ፣ ለበሽተኛ የመድኃኒት ማዘዣ እንደምታነብ፣ አነጋግሬያታለሁ፣ አልቅሳለች።

ጆሮው ድረስ ይግላል፣ ላቡ በጀርባው ይወርዳል፣ ልብስ ሳይኖረው የቆመ ይመስለዋል፣ ከዚያም የባሰ፣ ልብስ ሳይኖረው የቆመ ሰው ቢያንስ እጅ አለው።

አልቅሳለች ብለህ ጻፍክ? ትላለች ባለቤቱ። ቁጣ የለበትም ድምፅዋ፣ ገንዘቡን እንኳ ረስታዋለች፣ ይችን ልጅ አልቅሳለች ብለህ?

አዎ።

ሶፋው ጫፍ ላይ ትቀመጣለች፣ ከሱ ራቅ ብላ፣ ረጅም ጊዜ እጆቿን ታያለች። ከዚያ፣ አጥፋው ትለዋለች፣ ራስህ። እሱም አዲስ ውይይት ከፍቶ ይጽፋል፣ አንድ ፊደል በአንድ ፊደል፣ ስክሪኑ ላይ ሦስቱም እያዩት፣ ያቀረብኩት ምክንያት ሐሰት ነው፣ ልጄ አልገዛችም፣ አላለቀሰችም፣ የገዛሁት እኔ አባቷ ነኝ፣ ገጿን ክፈቱላት። መልሱ ወዲያው ይመጣል፣ ክቡር ደንበኛችን፣ ገጹ ተከፍቷል፣ የተመላሽ ጥያቄዎ ግን ውድቅ ሆኗል፣ መልካም ጨዋታ። መልካም ጨዋታ ሲል ባለቤቱ በአፍንጫዋ ትስቃለች፣ ሳቅ ይሁን ሌላ አይለይም።

ማክሰኞ ሐኪሟ ጋ አንተ ትደውላለህ፣ ትለዋለች እየተነሳች፣ ለምን እንደቀረን አንተ ትነግራታለህ፣ በአፍህ፣ አንድ ሁለት ሦስት የሚል ምርጫ የለውም። ወደ ውስጥ ትገባለች፣ የውሃው ድምፅ ይሰማል፣ እጇን ትታጠባለች፣ ብዙ ትታጠባለች።

ልጅቷ አልሄደችም። ምንጣፉ ላይ እንደቆመች ናት፣ በሶክስ፣ አንዱ ተረከዙ ላይ ተቀድዷል። ይቅርታ ይበላት? ይቅርታ ለዚህ ይበቃል? ይቅርታ ትንሽ ናት፣ የእግር ጣት ለረገጠ የሚባል ነው፣ ሌላ ቃል ይፈልጋል፣ ትልቅ ሰው የሚናገረውን፣ አባት የሚናገረውን፣ ይፈልጋል፣ እሷ ትቀድመዋለች።

እማዬ ስትደውል፣ እኔ ሳይህ፣ ለምን ዝም አልክ?

ጉልበቴ፣ ሊል ነው፣ ሐሳቤ ገና፣ ሊል ነው፣ ሊነግራት ነው እኮ አሰፍስፎ፣ ሁሉንም ይተዋል።

ፈራሁ፣ ይላል።

ሶፋው ላይ አትቀመጥም፣ ወደ ክፍሏም አትሄድም።

እኔም ፈርቼ ነበር፣ ትላለች፣ ግን ተናገርኩ፣ እና እሱ አዎ ለማለት አንገቱን ሲያነሳ ዓይኗ ላይ ያየዋል፣ ጠዋት የጻፈውን፣ የፈጠረውን፣ ማንም ያልጠየቀውን፣ አሁን እውነተኛውን እንባ፣ ቀስ ብሎ ሲሞላ፣ እና እጁን ይዘረጋል፣ አትይዘውም፣ ይዘረጋዋል፣ አያጥፈውም፣ እንደተዘረጋ ይቆያል።