ከሐይቁ በላይ የሠራሁት መደብ

የባሌ ታላቅ ወንድም የገሠሠ ስም ሲነሣ ዛሬም ምራቄን እተፋለሁ። ጣሊያን ሊገባ ሁለት ዓመት ሲቀረው አማቴ አረፉና በሻላ ሐይቅ ዳር ያለውን መሬት ሊካፈሉ ሆነ። ወጉ ታላቅ ይከፍላል፣ ታናሽ ይመርጣል ነው። ገሠሠ በገደሉ አፋፍ ያለውን ድርሻ እያወደሰ፣ «አፈሩ! ነፋሱ! ምነው ታናሽ በሆንኩ!» ሲል፣ ባሌ አብተው ዘሎ እሱን መረጠ። የኔ የዋህ!

በሳምንቱ ጎረቤታችን ሁንዴ ከሐይቁ ሲመለስ ከበር ጠራኝ።

«እሜቴ፣ ከሥር ሆነው አይተውታል? ማዕበሉ ልሉን አፈር ልሶ ልሶ ጨርሶታል። መጀመሪያ ዋሻ ነበር፤ አሁን ወዲያና ወዲህ ተበስቶ ድልድይ ሆኗል። ከላይ የቀረው ጠንካራው ድንጋይ ብቻ ነው። ጋሽ ገሠሠ አምና በበጋ እዚያው ቆመው ሲያዩት ነበር።»

ወርጄ አየሁ። ከላይ እርሻችን፣ ከሥሩ ውሃው ይገባል ይወጣል። ደሜ ፈላ! ለአብተው ብነግረው «ከወንድሜ አታጣይኝ» ብሎ ይቆጣል። ገሠሠ ራሱ በሰው ፊት ይናዘዝ፣ ሽማግሌም እንደገና ያካፍለን ብዬ ቆረጥኩ።

ለአማቴ ሙት ዓመት ዳሱን አፋፉ ላይ አስተከልኩ። ጫፉ ጋ፣ ልክ ከድልድዩ በላይ፣ ለታላቅ የሚገባ የክብር መደብ ሠራሁ። ሦስት ቀን ሙሉ ድንጋዩን የተሸከምኩት እኔው ነኝ።

ዕለቱ ደርሶ እንግዳው ሲሰበሰብ «ይቀመጡ እንጂ፣ ጋሼ» አልኩት ገሠሠን።

ፊቱ አመድ መሰለ። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ! እሱ ሳይቀመጥ ማንም አይቀመጥምና ሽማግሌዎቹ ቆመው ይጠብቁታል። «ተናገር» አልኩ በሆዴ፣ «በል ተናገር!»

እሱ እቴ! አብተውን አቀፈና «የድግሱ ባለቤት አንተ ነህ፤ ክብሬን ላንተ ሰጥቻለሁ» አለው። አብተው በዕድሜው ከወንድሙ እንዲህ ያለ ቃል ሰምቶ አያውቅም። ዓይኑ እንባ አቀረረ። የወንድሙን ጉልበት ስሞ ሄደና ተቀመጠ።

«ተነሥ!» ብዬ ስጮህ ሳቀብኝ።

«ምነው አበዛሽ፣ ክብር በዛብኝ እንዴ?»

ድንጋዩ ተሰነጠቀ። መደቡም ባሌም ሐይቁ ውስጥ ገቡ።

ገሠሠ ደረቱን እየመታ ከሁሉ በላይ አለቀሰ። ሽማግሌዎቹ «መደቡን እዚያ ላይ ማን ሠራው?» ብለው ሲጠይቁ ጣቱን ወደ እኔ ቀሰረ።

ያቺን አንዲት ጊዜ አልዋሸም።