የዳነ ክርን መዘዝ

ስሜ ማላርኮዲ ነው፤ ቢሮ ውስጥ ግን ኮዲ ይሉኛል። የሕክምና ኮድ ለምትጽፍ ሴት ይህ ቀልድ ለአንድ ሳምንት ያስቃል፤ እኔ ስድስት ዓመት ሙሉ ሰምቼዋለሁ። ቼናይ፣ አምባቱር የኢንዱስትሪ መንደር፣ አራተኛ ፎቅ ላይ ተቀምጠን የአሜሪካ ሐኪሞች የጻፉትን እናነባለን፤ በሽታውንም ጉዳቱንም ወደ ፊደልና ቁጥር እንለውጣለን። ኢንሹራንሱ የሚያየው ያንን ነው። በቀን ዘጠና ካርድ ይጠበቅብናል፤ ከመቶው ዘጠና አምስቱ ትክክል መሆን አለበት።

በስብራት ኮድ መጨረሻ ላይ አንዲት ፊደል አለች። ኤ ከሆነች ሰውየው ገና እየታከመ ነው። ዲ ከሆነች እያገገመ ነው። ኤስ ከሆነች ግን አጥንቱ ድሮ ድኗል፤ መዘዙ ነው ያልለቀቀው። ለእንዲህ ዓይነቱ ሰው ሁለት ኮድ ይጻፋል፦ በመጀመሪያ ዛሬ ያለበት፣ ቀጥሎ ያመጣበት የድሮ ስብራት ከነኤሷ። ስልጠና ላይ ይህን ከሁሉ ቀድሜ የያዝኩት እኔ ነበርኩ። ስለዚህ ሥራችንን የሚያጣራው ሰርጉናም ወንበሩን እየገፋ አጠገቤ ሲመጣ ነገሩ ደሜን አፈላው። በዕድሜ ስለሚበልጠን አና እንለዋለን፣ ታላቅ ወንድም ማለት ነው።

«ኮዲ፣ ይኼ ሰውዬ ክርኑን የሰበረው መቼ ነው?»

«ከስድስት ዓመት በፊት።»

«አንቺ ግን ገና እያገገመ ነው ብለሻል። ስድስት ዓመት! የዝሆን አጥንት ነው እንዴ?»

ከኋላዬ ያሉት ሳቁ። ስክሪኑን አየሁት። ኤስ መሆን ያለባት ዲ ሆናለች።

«እጄ ስቶ ነው፣ አና።»

«እጅሽ በዚህ ሳምንት ሰባት ጊዜ ስቷል። ከዘጠና ካርድ ወደ ሰባ ወርደሻል። ወሩ ሊያልቅ አሥራ አንድ ቀን ነው የቀረው። እንዲህ ከቀጠለ ስምሽ ከሠራተኞች ዝርዝር ይወጣል፤ እኔም ላስቀረው አልችልም።»

ምን ልበለው? ኪቦርዱ ላይ ኤስን የሚመታው የግራ እጅ የቀለበት ጣት ነው፤ ኤ የምትባለዋን ደግሞ ትንሿ ጣት። ሁለቱም ደንዝዘውብኛል። ኤስን የመታሁ ሲመስለኝ ጎረቤቷን ዲን እነካለሁ፣ አንዳንዴም ምንም አልነካም። እናቴ ፓቻይአማል «ኤሲው ነው፣ ማቀዝቀዣው ቢሮአችሁን በረዶ ቤት አድርጎታል» እያለች ማታ ማታ በሞቀ የሰሊጥ ዘይት ታሸኛለች። እኔም ስለሚመቸኝ አመንኳት።

በማግስቱ የአንዲት የትምህርት ቤት አውቶቡስ ሹፌር ካርድ ደረሰኝ። አርባ አንድ ዓመቷ ነው። የግራ እጇ ሁለት ጣቶች ደንዝዘዋል፤ በአውራ ጣቷና በጠቋሚ ጣቷ መካከል ያለው ሥጋ መንምኗል፤ ክርኗ ላይ የሚያልፈው ነርቭ ተጎድቷል። ከታች አንድ መስመር፦ በስምንት ዓመቷ ክርኗ ተሰብሮ ነበር። ግራ እጄን አንስቼ መብራት ላይ አየሁት። ያው ቦታ ጎድጉዷል።

እኔ ወድቄ ክርኔን የሰበርኩት በሰባት ዓመቴ፣ ከውኃ ታንከር መሰላል ላይ ነው። ሆስፒታል በቀዶ ሕክምና ሽቦ ይገባላታል ብለው ለማግስቱ ጠዋት ቀጠሩኝ። እናቴ በኋላ በር ይዛኝ ወጣችና በአውቶቡስ ሁለት ሰዓት ተጉዘን ወጌሻ ጋ ሄድን። ስንመለስ፣ «አባትሽ ሲጠይቅሽ ሐኪም ነው ያሰረኝ በይ» አለችኝ። አልኩ። እጄ ዳነ፤ ግን ወደ ውጭ ጠምሞ ነው የዳነው። ከዚያ ወዲህ ሃያ ሁለት ዓመት በቤታችን ስለዚህ ክርን ያወራ የለም።

የሹፌሯ ሐኪም ስብራቱንና መደንዘዙን ለየብቻ ነው የጻፋቸው። ደንባችን ግልጽ ነው፦ ሐኪሙ «ከዚህ የተነሳ» ካላለ እኛ አንልም፤ የገዛ ክርናችን ቢጮህም አንልም። ከተጠራጠርን በጽሑፍ እንጠይቃለን። ጥያቄውም መልሱን ጎትቶ የሚያመጣ መሆን የለበትም።

«ጥያቄ? ካርድ ጎድሎብሽ?» አለ ሰርጉናም። «ድሮ ተሰብራ ነበር የሚለውን ኮድ ስጪና እለፊ።»

«ቢገናኝስ?»

«ቢገናኝ ይጽፈው ነበር።»

«ካልጠየቅነው እንደሚያስፈልገን በምን ያውቃል?»

«ሴትየዋ ዘመድሽ ናት እንዴ?»

«አዎ፣ አክስቴ ናት» አልኩና ላክሁት። ነርቩና የድሮው ስብራት ግንኙነት አላቸው? አዎ፣ የለም፣ አይታወቅም።

መልሱ በሦስተኛው ቀን መጣ። የነርቩ ጉዳት ከልጅነት ስብራቷ የተነሳ ነው፤ አጥንቱ ጠምሞ ስለዳነ ነርቩ ለዓመታት ሲወጠር ኖሯል፤ ነርቩን ለማላቀቅ ቀዶ ሕክምና ያስፈልጋል፤ ከዘገየች የጠፋው አይመለስም። ኮዱን ጻፍኩ። ኤሷን ለመምታት ሦስት ጊዜ ሞከርኩ። ፈራሁ፤ ከሥራ ስለመባረር ሳይሆን ስለ እጄ የፈራሁት ያን ቀን ነው።

እቤት ሩዝ በእርጎ እየበላን ሳለ ነገርኳቸው።

«ነገ ሆስፒታል እሄዳለሁ።»

«ለኤሲ ሆስፒታል?» አለች እናቴ።

«ኤሲ አይደለም፣ እማ። ክርኔ ነው።»

እጇ ሩዙ ላይ ቀረ። አባቴ ቬሉሳሚ ባጃጅ ነጂ ነው፤ ብዙ አይናገርም። «እኔ አደርሳችኋለሁ» ብሎ ተነሳ። እናቴ ግን ወጥ ቤት ድረስ ተከተለችኝ።

«ምን ልትያቸው ነው?»

«የጠየቁኝን።»

«ድኗል'ኮ!»

«ድኗል። መዘዙ ነው የቀረው።»

ዝም አይነቅዝም ይባላል። ይህን ያለ ሰው የእኔን እጅ አላየም።

ሐኪሟ ወጣት ናት፤ ነገሯ ሁሉ ፈጠን ፈጠን ያለ። የክርኔን ውስጠኛ ጎን በጣቷ ስትመታው እስከ ትንሿ ጣቴ ነዘረኝ። ራጁን ብርሃን ላይ ሰቀለችው።

«ይኼ ያኔ ሽቦ ያስፈልገው ነበር። የት ነው የታከምሽው?»

አባቴ በአንድ በኩል፣ እናቴ በሌላው። ባሕር ማዶ ያለን ሐኪም ምክንያቱን ጻፍ ብዬ የምነዘንዝ እኔ የራሴን ምክንያት ሸሸሁ።

«ወድቄ ነበር... ድኗል» አልኩ።

«መዳኑንማ እያየሁት ነው። ማን አሰረው?»

«እኔ ነኝ» አለች እናቴ። «ማለቴ፣ ወጌሻ ጋ የወሰድኳት እኔ ነኝ። ሐኪሞቹ ቀጥረዋት ነበር። ቢላዋውን ፈርቼ ይዣት ወጣሁ። ለአባቷ ሐኪም ነው ያሰራት አልኩት።» ስትናገር የምታየው ራጁን እንጂ አባቴን አልነበረም።

«አውቃለሁ» አለ አባቴ።

ሁለታችንም ወደ እሱ ዞርን።

«የሆስፒታል ጄሶ እንቁላል እንቁላል አይሸትም፤ በእንቁላል የሚያስር ወጌሻ ነው። የዚያኑ ማታ ነው ያወቅኩት።»

«ሃያ ሁለት ዓመት?» ድምፄ ኮሪደሩ ድረስ ሳይሰማ አልቀረም። «ታዲያ ለምን አልጠየቅካትም?»

«ብጠይቃት ሁለተኛ ልትዋሸኝ ነው» አለ። «ራሷ እስክትነግረኝ ጠበቅኩ።»

ተናደድኩ። እሱ ለእሷ አዘነ፣ እሷ እሱን ፈራች፣ ሲጠብቁና ሲፈሩ ክርኔን አስቦ ሐኪም ጋ የመለሰኝ ጠፋ። ይህንኑ እዚያው ነገርኳቸው፤ ተናግሬም አልተጸጸትኩም።

ሐኪሟ የቤተሰብ ነገር የለመደች ናት መሰለኝ፣ ጭቅጭቃችን እስኪያልቅ እየጻፈች ነበር። ለሐሙስ ቀጠረችኝ። ነርቩን ከተወጠረበት እናላቅቀዋለን፣ የቀረሽን ለማትረፍ ነው፤ ለሄደው ግን ቃል አልገባም አለች። ለቢሮዬ የሚሆን የእረፍት ወረቀትም ጻፈችልኝ። ሰርጉናም ወንበሬን ይጠብቅልኝ አይጠብቅልኝ ገና አላውቅም።

የፈቃድ ቅጹን ወደ እኔ ገፋችው። ብዕሩን በቀኝ እጄ አንስቼ ፈረምኩ። ወረቀቱን ልመልስላት ስል ዓይኔ ወደ ጭኔ ወረደ። እናቴ የደነዘዙትን ሁለቱን የግራ እጄን ጣቶች አጥብቃ ይዛቸዋለች። ከመቼ ጀምሮ እንደያዘቻቸው አላውቅም።